የተበሉት ፍላጻዎች

«ፍላጻ አንቆጥርም፤ ያሰለቻል» አለ ናትናኤል። እኔ ወጥ ቤት ሆኜ ሳህን እያጠብኩ ነበር፤ ሰምቼው እጄ ላይ የነበረው ብርጭቆ አምልጦኝ ገንዳው ውስጥ ገባ። ተመስገን ነው አልተሰበረም። ናትናኤል ተከራዬ ነው። እዚህ ዩኒቨርሲቲ ተመድቦ ከሰሜን የመጣ አስተማሪ፣ ጨዋ ልጅ፣ ጠዋት ጠዋት «እማማ ዓለም፣ እንዴት አደሩ?» ሳይል ከግቢ የማይወጣ። ቅዳሜ ቅዳሜ ጓደኞቹን በረንዳዬ ላይ ሰብስቦ ባለብዙ ፊት ዳይስ እያንከባለሉ ይጫወታሉ። አንዱ ተራኪ ይሆናል፤ የቀሩት ጎራዴ የታጠቀ፣ አስማተኛ፣ ቀስተኛ ይሆናሉ። ተራኪው «ከፊታችሁ ዋሻ አለ፤ ምን ታደርጋላችሁ?» ይላል፤ እነሱ የሚያደርጉትን ይናገራሉ፤ ዳይሱ ከቀናቸው ይሆንላቸዋል፣ ካልቀናቸው ይሞታሉ። በቃ ይኸው ነው። ልጆቹ ይህን ነገር ከትናንት ወዲያ ከሰማይ የወረደ ያስመስሉታል። አሮጊቷ ምን ታውቃለች ብለው ነው። በመስኮቱ ብቅ አልኩና «ፍላጻ የማይቆጠርበት ጦርነት ምን ዓይነት ጦርነት ነው?» ብዬ ጮህኩባቸው። ሁሉም ዞረው አዩኝ። አንዱማ ዳይሱን ከእጁ ጣለው።

ደግሞ ቀኑም ቀን አልነበረም። የባለቤቴ የታደሰ ሙት ዓመት ነው፤ ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ደርሼ፣ የመጣውን ሰው አብልቼ ሸኝቼ፣ የቀረኝ አንድ እንግዳ ብቻ ነው፤ ጀማል። ጀማል የታደሰ ነፍስ ጓደኛ ነበር። ጠዋት የጀማል ልጅ ከአዳማ ደወለችልኝ። «እትዬ ዓለም፣ አባባ ብቻውን ከሚሆን እኔ ጋ እንዲኖር ጨርሰናል። በዚህ ሳምንት እወስደዋለሁ። ዛሬ ሊሰናበትዎት ነው የሚመጣው፤ እሱ አፍ አውጥቶ አይነግርዎትም ብዬ ነው» አለችኝ። «እሰይ፣ ደግ አደረጋችሁ» አልኩና ስልኩን ዘጋሁ። ከዘጋሁ በኋላ ያልኩትን እዚህ አልጽፈውም። ታደሰን አፈር አልብሼ ስመለስ፣ ያንን ዘመን የሚያውቅልኝ አንድ ሰው ቀርቷል ብዬ ነበር የተጽናናሁት። እሱም አዳማ ሄዶ ሙቀት ሊሞቅ! ከእንግዲህ እኔ የማን ዓለም ልሆን ነው? የግቢው እማማ፣ የቀበሌው ወይዘሮ፣ የዕድሩ እናት ብቻ ልሆን እኮ ነው። እንግዲህ በዚህ ሆዴ ላይ ነው ናትናኤል ፍላጻ አንቆጥርም ያለው።

እኛ ቆጥረናል። ያኔ የምንኖረው ጎባ ነበር። ዛሬ ሮቤ አስፋልቱ፣ ባጃጁ፣ ፎቁ ሲበዛ ሰው ሁሉ ወደዚህ ጎረፈ እንጂ፣ በእኛ ጊዜ ከተማ ማለት ጎባ ነበረች፤ ሮቤ የምንወርደው ለገበያ ነው። የጎባን ብርድ ያልቀመሰ ሰው ብርድ አውቃለሁ ባይል ደስ ይለኛል። ከሰነቲ አምባ የሚወርደው ነፋስ ሹራብ አያውቅ፣ ጋቢ አያውቅ፣ አጥንት ነው የሚፈልገው። እኔ ያን ጊዜ ድሬሰር ነበርኩ፤ ቀኑን ሙሉ ቁስል አጥቤ፣ መርፌ ወግቼ፣ ከሥራ ስወጣ ነጩን ጋውን ቦርሳዬ ውስጥ እከትና አረንጓዴ ሹራቤን እደርብ ነበር። ያቺ ሹራብ! የልብስ ሰፊዎቹ ተራ ላይ ተሰቅላ ሳያት ስንት ጊዜ አልፌያት ተመልሼ፣ በመጨረሻ ከወር ደሞዜ ቆርሼ ገዛኋት። ታደሰ ከግብርና መሥሪያ ቤቱ መዝገብ ቤት ይወጣል። ቴትሮን ሱሪውን በከሰል ካውያ እንደ ቢላ ስለት አድርጎ ይተኩሳታል፤ በሰዓቱ ጎባ ውስጥ የእሱን ሱሪ የሚያህል የተተኮሰ ነገር አልነበረም። ጀማል ደግሞ ቡናማ የቆዳ ጃኬት ነበረችው፤ ክረምት ከበጋ አያወልቃትም። ሱቁ ከዳቦ ቤቱ ፊት ለፊት፣ መንገዱ ወደ ታች ሲታጠፍ ጥጉ ላይ ነበር። ስኳር፣ ጨው፣ ላምባ፣ የኦሞ ሳሙና፣ የፈረስ ልጓም ሳይቀር ይሸጣል። ቴፑ ቀኑን ሙሉ የኦሮምኛ ዘፈን ያዜማል፤ የባትሪ ድንጋዩ ሲደክም ዘፋኙም አብሮ ይደክምና ድምፁ እየተጎተተ ይሄዳል፤ ጀማል ድንጋዮቹን አውጥቶ ደጃፉ ላይ ፀሐይ ያሞቃቸዋል። መንገደኛው ድንጋዩ ፀሐይ ላይ ተደርድሮ ሲያይ ዛሬ ጀማል ዘፈን የለውም ብሎ ያልፋል።

ጨዋታውን ያመጣብን መምህር ግርማ ነው። የጂኦግራፊ አስተማሪ ነበር፤ ከጎጃም ተመድቦ የመጣ፣ እኩያችን፣ ኮቱ ላይ ጠመኔ የማይጠፋው። አብሮት ያስተምር የነበረ ፈረንጅ ወደ አገሩ ሲመለስ ሽፋኑ የተገነጠለ መጽሐፍና አንድ ከረጢት ዳይስ ትቶለት ሄደ። ሌላው ቢሆን ሳጥን ውስጥ ይጥለዋል። ግርማ ግን ክረምቱን ቁጭ ብሎ በመዝገበ ቃላት አነበበው። ከዚያ የፈረንጁን አገር ተራራና ግንብ ሁሉ ጣለና በእኛው አገር ተካው። ግንቡን ሰነቲ ላይ ተከለው፤ ሽፍቶቹን ሐረና ጫካ አስገባቸው፤ ትልቁን ዘንዶ ደግሞ ሶፍ ዑመር ዋሻ ውስጥ አስተኛው። ከጀማል ሱቅ ጀርባ ባለችው ጓዳ፣ በስኳር ጆንያ ላይ ተቀምጠን፣ ከሥራ መልስ እንጫወት ነበር። እናቴ «ልጃገረድ ልጅ ከወንዶች ጋር ጓዳ ውስጥ ምን ትሠራለች?» ብላ አንድ ቀን ድንገት መጥታ ቆመችብን። ግርማ ያን ጊዜ የሐረና ሽፍታ ሆኖ እያጓራ ነበር። እናቴ ትንሽ ቆማ አየችውና «አይ፣ እንዲህ ከሆነስ ግዴለም» ብላ ሄደች። ሰፈሩ ውስጥ መምህሩ ጤና የለውም የሚለውን ወሬ ያስወራችው እሷ ትሁን አትሁን እስከ ዛሬ አላወቅኩም።

እኔን ግርማ መጀመሪያ ሐኪም ላድርግሽ አለኝ። «ቀኑን ሙሉ ቁስል ሳጥብ ውዬ እዚህም መጥቼ ቁስል ልጠብ? አንተ ሰው ጤና የለህም ሲሉ እውነታቸውን ነው!» አልኩት። ጎራዴ ታጥቄ በፈረስ የምጋልብ ሆንኩ። ታደሰ ጋሻ ይዞ ከፊት የሚሄድ፣ የሚመታ፣ የማይሞት ሰው ሆነ። ጀማል ቀስተኛ ሆነ። ስሙን ሲጠየቅ «አባ ቦራ» አለ። ያ የአባቱ የፈረስ ስም ነው። አባቱ በባሌ ሜዳ ቦራ ፈረስ ጋልቦ ያለፈ፣ በእግሩ ሲሄድ ማንም አይቶት የማያውቅ ሰው ነበር ይባላል፤ ጀማል ገና ትንሽ ሳለ ነው የሞተው። ከዚያ ቀን ጀምሮ አባ ቦራ አብሮን ተቀመጠ።

አሁን ወደ ፍላጻው ልምጣ። ግርማ በሌላው ነገር ገር ነው፤ በፍላጻ ላይ ግን እንደ መጋዘን ሹም ነበር። መንገድ ከመውጣትህ በፊት ትገዛለህ፤ የገዛኸውን ተሸክመህ ትሄዳለህ፤ ከበዛ ፈረስህ ይደክማል፤ ዝናብ ከመታው ላባው ይበላሻል፤ ከውጊያ በኋላ ዞረህ ትለቅማለህ፤ ግማሹ ተሰብሮ ታገኘዋለህ። ጉም ከወረደ ደግሞ ጭራሽ አታገኘውም። ለሻጭነት አንዲት ሴት ፈጠረ፤ አዴ ሎሚ አላት። ግርማ ሻሿን ያሰረ መስሎ እጁን ራሱ ላይ ሲያደርግ አዴ ሎሚ መጣች ማለት ነው። ጀማል ደግሞ ነጋዴ ነው እንጂ! ከአዴ ሎሚ ጋር ሲከራከር ለጉድ ነው። «አካም ጅርቱ፣ አዴ ሎሚ? ልጆችስ? ከብቱስ? ዝናቡስ እንዴት ነው?» ይልና ሰላምታው ሲያልቅ ፍላጻውን በሐሳቡ አንሥቶ ዓይኑ ሥር ያቀርባል። «ላባው የምንድነው?» ይላል። «የጥንብ አንሣ ነው፣ ልጄ።» «ኧረ የዶሮ ነው! እንጨቱም እርጥብ ነው፣ ይኸው ተጣሟል።» «የት አየኸው መጣመሙን?» «ይኸው!» ብሎ ባዶ እጁን ያሳያታል። ግርማም ባዶ እጁ ላይ አፍጥጦ ያያል። ዋጋ ይወርዳል፣ ጀማል ተናዶ ተነሥቶ ይሄዳል፣ አዴ ሎሚ ትጠራዋለች፣ ይመለሳል። በመጨረሻ ሲስማሙ «ምራቂስ?» ይላል ጀማል። ያለ ምራቂ የተገዛ ነገር ለእሱ አልተገዛም። አዴ ሎሚም አጉረምርማ አንዲት ፍላጻ ትጨምርለታለች። ስንት ቀን ነው ዘንዶው ሶፍ ዑመር ተኝቶ እየጠበቀን እኛ ገበያ ላይ መሽቶብን የተመለስነው! ታደሰ «ኧረ በናታችሁ አንድ ሰው እንኳ እንውጋ» እያለ ይለምናል።

መጀመሪያ ግርማ ፍላጻውን በእርሳስ ወረቀት ላይ ይጽፍ ነበር፤ ጀማል ግን አላመነውም። «በላጲስ የሚጠፋ ነገር ንብረት አይደለም» አለ። በእጄ የማልይዘው ነገር የእኔ አይደለም ባይ ነው። ያን ጊዜ ነው እኔ መላ ያመጣሁት። የገብስ ቆሎ! ባሌ ውስጥ ገብስ የት ይጠፋል? የገብሱ ፍሬ ተራ ፍላጻ፣ ሽንብራው ብረት ጫፍ ያለው። ባዶ የቲማቲም ጣሳ የፍላጻ ኮሮጆ ሆነ። አባ ቦራ ሲተኩስ ጀማል ከጣሳው አንድ ፍሬ አንሥቶ ግርማ ፊት ያኖራል፤ ሲለቅም መልሶ ይከታል። ጣሳውን ሲነቀንቀው ሿ ሿ ይላል፤ በድምፁ ብቻ ስንት እንደቀረው ያውቃል። እንዴት ደስ ይል ነበር!

ያ ዓመት የሰርጋችን ዓመት ነው። ታደሰና እኔ ከፋሲካ በኋላ፣ ለዳግማይ ትንሣኤ ልንጋባ ተቀጥሯል። አንደኛ ሚዜው ጀማል ነው። ሙስሊም ሚዜ ምን ይሆናል የሚል ሰው በእኛ አገር አልነበረም፤ ቤተ ክርስቲያኑ በር ላይ ቆሞ ይጠብቃል፣ ለሙስሊሙ እንግዳ ለብቻ ይታረዳል፣ አለቀ። ታደሰ ወንድም የለውም፤ «ጀማል ከጎኔ ካልቆመ እኔም አልቆምም» ብሎ ለሽማግሌዎቹ ተናግሯል።

ሁዳዴ ነው እንግዲህ። ታደሰ አጥብቆ ይጦማል፤ በዚያ ቀን ከቢሮ ቀጥ ብሎ፣ አፉ ላይ ውኃ እንኳ ሳያደርግ ጓዳዋ ገባ። የምንጠብቀው ቀን ነበር፤ ከስንት ወር መንገድ በኋላ ዘንዶው ዋሻ ደርሰናል። አባ ቦራ ሙሉ ጣሳ ይዟል፤ አዴ ሎሚን ሁለት ቀን ሙሉ ተከራክሮ የገዛው ነው። ዘንዶው ራሱን ከውኃው ብቅ ሲያደርግ ከመስጊዱ የመግሪብ አዛን ተሰማ። ጀማል ተነሣ። ጣሳውን አንሥቶ ዙሪያውን አየና ለታደሰ ሰጠው። «አደራ» አለው። «ሂድ፣ ሂድ» አለ ታደሰ፤ ጣሳውን ጉልበቱ ላይ አኖረ።

እኛ ወሬ ያዝን። ግርማ ስለ ዘንዶው ቅርፊት ይነግረናል፤ እኔ በየት በኩል እንደምጋልብ አስባለሁ። ታደሰ ያዳምጣል። ሲያዳምጥ እጁ ጣሳው ውስጥ ይገባል፣ አፉ ጋ ይሄዳል፤ ይገባል፣ ይሄዳል። እኔም ግርማም አላየነውም። ፀሐይ መጥለቋን፣ ጦሙ መፈታቱን ሆዱ እንጂ እሱ አላወቀም። ጀማል ገብቶ እጁን ዘረጋ። ታደሰ ጣሳውን ሰጠው። ጀማል ነቀነቀው። ሿ የለ፣ ምን የለ። ዝም። ታደሰ ያን ጊዜ ነው ማላመጡን ያቆመው። እኔና ግርማ ተያይተን ሳቅ ገደለን፤ እኔማ ከጆንያው ላይ ወደቅኩ። ጀማል ግን አልሳቀም። «ፍላጻዬስ?» አለ። ታደሰ የአፉን መዋጥም መትፋትም አቅቶት ጉንጩ እንዳበጠ ቀረ። ግርማ መሳቁን አቆመና «ዘንዶው ወደ አባ ቦራ ዞሯል። ምን ታደርጋለህ?» አለ። «እተኩሳለሁ።» «በምን?» ጀማል ባዶውን ጣሳ አየ። ግርማ ዳይሱን አንከባለለ። «የሌለ ፍላጻ አይተኮስም» አለ። ዘንዶው አባ ቦራን ዋጠው።

እኔ እስከ ዛሬ ግርማን በዚህች ነገር ይቅር አላልኩትም። ሕግ ነው፣ አውቃለሁ። ግን ያ ስም የሰው አባት ስም ነበር! ጀማል ጃኬቱን አጠባብቆ ወጣ። በማግስቱ ታደሰ ሱቁ ቢሄድ «ምን ልስጥህ?» አለው፤ እንደ ማንኛውም ደንበኛ። ታደሰ ሳሙና ገዝቶ ተመለሰ። በየቀኑ እየሄደ ሳሙና ገዛ፤ ያ ቤት የሳሙና መጋዘን ሆነ። ሰርጉ እየቀረበ ነው። «ሌላ ሚዜ ፈልግ» ስለው «ሚዜ አለኝ» ይላል። «የማያናግርህ ሚዜ ምን ያደርግልሃል?» ስለው «እንግዲያው ሰርጉን እናዘግየው» አለኝ። ተመልከቱ! ድንኳን ተነግሮ፣ ጠላ ተጠንስሶ፣ በቆሎ፣ ማለቴ በገብስ ቆሎ ምክንያት ሰርግ ሊቀር! ሰው ለምን ቀረ ቢለኝ ምን ብዬ ነው የምመልሰው? ዘንዶ ሚዜያችንን ዋጠው ልበል? አልቅሼ ሲበቃኝ ተነሣሁና የጀማልን አጎት ሐጂ አማንን ላስፈርድ ሄድኩ።

ሐጂ አማን ትልቅ ሰው ነበሩ፤ የአባ ቦራ ወንድም። በአገሩ ላይ ደም የሚያደርቁ፣ የግጦሽ ጠብ የሚያበርዱ ሽማግሌ። ለእንዲህ ያለ ነገር እሳቸውን መጥራት ነውር ነበር፤ ግን ነውሩን ዋጥ አደረግኩት። በፈረሳቸው መጥተው ፈረሱን ሱቁ በር ላይ አሰሩና ጓዳዋ ውስጥ ስኳር ጆንያ ላይ ተቀመጡ። ሁላችንም ቆምን። «ማል ታኤ? ምን ሆናችሁ ነው?» አሉ። እኔ ነገርኳቸው፤ ዋሻውን፣ ዘንዶውን፣ አዴ ሎሚን፣ ሁሉን። ሰምተው ሲጨርሱ «የሞተ ሰው አለ?» ብለው ጠየቁ። «የለም ሐጂ፣ ጨዋታ ነው» አልኩ። «አባ ቦራ ሞቷል» አለ ጀማል። ሐጂ ቀና ብለው አዩት። ከዚያ በኋላ ጨዋታ የሚለውን ቃል አላነሡም።

«አደራ ብለኸው ነው የወጣኸው?» አሉት።

«አዎ ሐጂ።»

«ወዴት?»

«ለሶላት።»

«አስታግፊሩላህ። አንተስ ልጄ፣ በላኸው?»

«በላሁት ሐጂ» አለ ታደሰ። «ጦም ነበርኩ።»

«ጦምህን በሰው ፍላጻ ፈታህ?»

ግርማ ሳቁን ለማፈን ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ሐጂ ግን የእውነት ነው የጠየቁት። ከዚያ በበትራቸው የታደሰን ሆድ ቀስ አድርገው ነካ ነካ አደረጉ። «ፍላጻው አልጠፋም። ያለበት ይታወቃል፤ እዚህ ነው። ጀማል፣ ስማኝ። ቀስተኛ ያለ ፍላጻው ከቤት አይወጣም። ሮቤ ገበያ ስትወርድ፣ ብድሬ ድረስ ከብት ልትገዛ ስትሄድ፣ ይህን ሰው ይዘኸው ትሄዳለህ። አንተ ደግሞ ፍላጻዬን ሲልህ አልመችም አትልም። ተነሥተህ ትከተለዋለህ፤ የእሱ ንብረት ሆድህ ውስጥ ነው።» ወደ ግርማ ዞሩ። «መምህር፣ ሕግህን አልነካም። ግን ልጠይቅህ፤ ይህ ዘንዶ የሚያኝክ ነው የሚውጥ?» ግርማ መጽሐፉን ገልጦ አየ። «የሚውጥ ነው ሐጂ» አለ። «እንግዲያው ወንድሜ ሆዱ ውስጥ ቁጭ ብሎ እየጠበቃችሁ ነው። ምን ትሠራላችሁ እዚህ? ሂዱና አውጡት!» ብለው ተነሡ። ጀማል ያን ጊዜ ነው ያለቀሰው፤ ታደሰም አቅፎት አለቀሰ፤ እኔ ደግሞ ሰርጌ ስለተረፈ አለቀስኩ። በሳምንቱ የዘንዶውን ሆድ በጎራዴዬ ቀድጄ አባ ቦራን ያወጣሁት እኔ ነኝ። ይህን ናትናኤል ይወቅልኝ።

በሰርጉ ቀን ጀማል ሙሽራውን ሲያለብሰው አንድ እፍኝ ቆሎ ኮቱ ኪስ ውስጥ ጨመረለት። ለሙስሊሞቹ እንግዶች በጉን ያረዱት ሐጂ አማን ናቸው። ከዚያ በኋላ ያለው ዕድሜ እንዴት እንደሄደ አላውቀውም። ግርማ ተዛውሮ ወደ አገሩ ሄደ፤ መጽሐፉንም ዳይሱንም ይዞ። ልጆች ወለድን፣ ልጆቹ ሄዱ፤ መንግሥት መጣ፣ ሄደ፤ እኛም ጡረታ ሲመጣ ወደ ሮቤ ወረድን፣ ጀማልም ተከትሎን ወረደ። አንድ ነገር ብቻ አልተለወጠም። ጀማል አንድ ቦታ መሄድ ሲያምረው ደጃፌ ላይ ቆሞ «ዓለም፣ ፍላጻዎቼ አሉ?» ይላል። «ፍላጻዎችህ እያንኮራፉ ነው» እላለሁ። «ፍላጻዎችህ ጉንፋን ይዟቸዋል» እላለሁ። ታደሰ ግን አንድም ቀን አልመችም ብሎ አያውቅም፤ ሻይ አቋርጦ፣ ጫማውን በአንድ እግሩ እየጎተተ ይወጣል። ለከብት ይሁን፣ ለለቅሶ ይሁን፣ ሼክ ሁሴን መቃብር ድረስ እንኳ አብሮት ሄዷል። ጎረቤቱ ሁሉ ታደሰን በአባቱ ስም ሳይሆን «የጀማል ፍላጻ» እያለ ነበር የሚያውቀው።

ታደሰ የሞተ ጊዜ ጀማል ድንኳኑ ውስጥ ቁጭ ብሎ ዋለ። ሰው ተበትኖ ሊሄድ ሲነሣ ነው እጄን ይዞ «ፍላጻዎቼን ይዞብኝ ሄደ» ያለኝ። ከዚያ ወዲህ ሲመጣ በሩ ላይ ቆሞ ይስላል እንጂ ያቺን ነገር አይላትም። መምጣቱም እየራቀ ሄደ። ምን ሊወስድ ይመጣል?

እንግዲህ ዛሬ ባጃጅ አውርዶት፣ በትሩን ተደግፎ ገባ። እንደ ልማዱ ሳል አሰማ። ያቺው ቡናማ ጃኬት ልትሆን የምትችል ጃኬት ለብሷል። የሙት ዓመቱን ምሳ አቀረብኩለት፤ በላ፤ ስለ አዳማ ግን አንዲት ቃል አልተነፈሰም። እኔም አልጠየቅኩም። ሁለታችንም በረንዳው ላይ ሆነን ልጆቹን ማየት ጀመርን። ናትናኤል ጨዋ ልጅ ነው አላልኩም? «አባባ፣ ይጫወታሉ?» አለው። «ቀስተኛ ነኝ» አለ ጀማል ወዲያው። «ስሜ አባ ቦራ ነው። ፍላጻ ስንት አለኝ?» ናትናኤል ሳቀ። «አንቆጥርም አባባ፤ የፈለጉትን ያህል ይተኩሱ።» ጀማል ወደ እኔ ዞሮ አየኝ። «የማያልቅ ፍላጻ ምን ያደርግልኛል?» አለ። ተነሥቼ ከምሳው የተረፈውን፣ ሽንብራ የገባበትን የገብስ ቆሎ በጣሳ አመጣሁ። ከዚያማ ጉዱ ፈላ! ናትናኤልን ሻጭ አደረገውና ስለ ላባው፣ ስለ እንጨቱ፣ ስለ ዝናቡ ይከራከረው ጀመር። ልጆቹ መጀመሪያ ተያዩ፣ በኋላ ወንበራቸውን እየጎተቱ ቀረቡ። ናትናኤል ላቡ መጣ። «ምራቂስ?» አለ ጀማል በመጨረሻ። «ምራቂ ምንድነው?» አለ ናትናኤል። «አይ ልጄ፣ አንተን ማን ነው ገበያ የላከህ?» አለ ጀማል፤ ራሱ አንዲት ፍሬ አንሥቶ ጣሳው ውስጥ ጨመረ። ጣሳውን ነቀነቀው። ያን ድምፅ ስሰማ የጎባ ጓዳ፣ የላምባው ሽታ፣ የደከመው ቴፕ ሁሉ መጣብኝ።

አዛን ተሰማ። ጀማል በትሩን ይዞ ተነሣ። ጣሳው እጁ ላይ ነው። ልጆቹን አየ፤ እኔን አየ፤ ትንሽ አመነታ። ከዚያ ጉልበቴ ላይ አኖረውና «አደራ፣ ዓለም» አለኝ። ከጓሮ ባለችው ቧንቧ ሊታጠብ ሄደ።

ጣሳውን ተመለከትኩት። ሶላቱን ጨርሶ ይመለሳል፣ ትንሽ ይጫወታል፣ ከዚያ አዳማን ያነሣል፣ ይሰናበተኛል፣ ባጃጅ ይጠራል። እጄን ሰደድኩ። ጥርሴ ለቆሎ የሚሆን ጥርስ አይደለም፤ የግራውን ከነቀልኩ ቆይቻለሁ፤ በቀኙ በኩል እየተቀበልኩ፣ እንባዬ እየመጣ፣ ቆረጣጠምኩት። «እማማ! የአባባ ፍላጻ እኮ ነው!» አለ ናትናኤል ደንግጦ። እያየሁት አንድ እፍኝ ጨመርኩ። ሽንብራውን ጭምር። ምራቂዋንም አልተውኩም።

ጀማል ሰግዶ፣ እጅጌው እንደተጠቀለለ ተመልሶ ገባና እጁን ዘረጋ። ጣሳውን ሰጠሁት። ነቀነቀው። ዝም። ቀና ብሎ አየኝ፤ እኔ ጉንጬ አብጦ ገና እያላመጥኩ ነው፣ በዚህ ጥርስ መቼ ያልቃል! መናገር ስላልቻልኩ በመዳፌ ሆዴን መታ መታ አደረግኩለት። ከዚያ በትሩን ግድግዳው ላይ አስደገፈና ወንበሩ ላይ ቁጭ አለ፤ ትከሻው ይንቀጠቀጣል፤ ይሳቅ ያልቅስ አልለየሁትም። «ችግር የለም አባባ፣ እኛ አንቆጥርም» አለ ናትናኤል ሊያረጋጋው። «ዝም በል አንተ!» አለው ጀማል። ስልኩን ከጃኬቱ አወጣና አዳማ ደወለ። «ልጄ፣ ይቅር፤ አልመጣም» አለ። «አይ፣ ደህና ነኝ፤ አልሐምዱሊላህ። ፍላጻዎቼ እዚህ ሮቤ ናቸው።» «የምን ፍላጻ ነው አባባ?» ስትል ድምጿ እስከ እኔ ተሰማ። «ነገሩ ረጅም ነው፤ ዓለም ትነግርሻለች» ብሎ ስልኩን ሰጠኝ፤ እኔ ግን ገና እያላመጥኩ ነበር።